ቡና የወጣባቸው በሮች፦ ከከፋ ጫካ እስከ ካርቱም ጀበና

በካርቱም የሱዳን ደንበኞች ጀበና ፊት ሲቀመጡ ደጋግመው የሚጠይቁት ጥያቄ አለ፤ «ቡኑ ሐበሺ ነው?» ይላሉ። እኛም «አዎ» እንላለን፤ ነገሩ እዚያ ላይ ያበቃል። ቡናው እንዴት እዚህ ደረሰ፣ በማን እጅ አለፈ፣ በየመንገዱ ማን አተረፈበት ብለን የጠየቅን ግን ጥቂቶች ነን።

ስለ ቡና የሚጻፈው ታሪክ አብዛኛውን ጊዜ ከካልዲ ፍየሎች ይነሳና በየመን በኩል ወደ አውሮፓ ይሻገራል። ወደ ምዕራብ፣ ወደ ሱዳን የወረደው ቡና ብዙም አይወራለትም። በዚህ ድንበር ላይ የምንነግድ ሰዎች ደግሞ እንጀራችን ያ ቡና ነው። ስለዚህ የቡናን ነገር ከድሮ እስከ ዛሬ ስንተርክ ዓይናችንን ወደ ሱዳን በሚወስደው መንገድ ላይ እናደርጋለን። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፤ እዚህ የምንይዘው ወረቀት ሁሉ በዚያ ነውና።

ከታሪኩ ያገኘነውን ዋና ነገር አስቀድመን እንናገር። ቡና መንገዱን ይቀይራል እንጂ ጉዞውን አያቆምም። አንዱ በር ሲዘጋበት በሌላው ይወጣል። ትርፉ ግን ካመረተው ወይም ከተሸከመው ይልቅ በሩን ከያዘው ጋር ሲቀር ኖሯል። በር የምንለው ዕቃው ከእጅ ወደ እጅ የሚተላለፍበትን፣ ቀረጥ የሚከፈልበትንና ዋጋ የሚቆረጥበትን ቦታ ነው።

ጫካው

ዓለም «አረቢካ» የሚለው ቡና የተገኘው በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ደን ውስጥ ነው፤ በከፋ፣ በሸካ፣ በቤንች፣ በኢሉባቦርና በአካባቢያቸው። ተመራማሪዎች እንደደረሱበት አረቢካ የሁለት ሌሎች የቡና ዝርያዎች ድቅል ነው፤ አንደኛው ዛሬ ሮቡስታ የምንለው ነው። የዱር አረቢካ ከኢትዮጵያ ውጭም ይገኛል። ያኔ ሱዳን፣ ዛሬ ደቡብ ሱዳን በሆነው በቦማ ደጋ በ1940ዎቹ መጀመሪያ ላይ የእንግሊዝ ባለሙያዎች የዱር ቡና አግኝተው ዘሩን ወስደዋል። ስለዚህ ሱዳን ለቡና ጠጪ ብቻ ሆና የኖረች አገር አይደለችም፤ ጫካው አንድ ጫፉ በእሷም በኩል ነበር።

ሰው ቡናን ቆልቶ አፍልቶ ከመጠጣቱ በፊት በብዙ መንገድ ተጠቅሞበታል። ኦሮሞዎች ቡናን ከቅቤ ጋር አዋሕደው ለመንገድ ስንቅ ይይዙት እንደነበር በ18ኛው ክፍለ ዘመን ወደ ጎንደር የመጣው ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ጽፏል። ቡና ቀላ ዛሬም አለ። ሐረር ላይ ቅጠሉ ቁጢ፣ ገለባው ሆጃ ተብሎ ይጠጣል።

ካልዲ ስለሚባለው እረኛ የሚነገረው ለመጀመሪያ ጊዜ በመጽሐፍ የታተመው በ1671 በሮም ነው። ፍየሎቹ ፍሬውን በልተው ሌሊት ሲዘሉ ያየው እረኛ ተረት ደስ ይላል፤ ነገር ግን የተጻፈው ቡና ከጫካው ወጥቶ ዓለምን ካዳረሰ በኋላ ነው። «ካልዲ» የሚለው ስምም ቆይቶ የተጨመረ ነው። ቡናን ለማወቅ የከፋ ሰው ፍየል አላስፈለገውም፤ ደጁ ላይ ነበር።

የመን፣ የመጀመሪያው በር

ቡና እንደ መጠጥ በጽሑፍ በግልጽ የሚታየው በ15ኛው ክፍለ ዘመን የመን ላይ ነው። ሱፊዎች ሌሊቱን በዚክርና በሶላት ለማደር ይጠጡት ነበር። ከዚያ ወደ መካና ወደ ካይሮ ተዛመተ። በ1511 መካ ላይ የማምሉኮቹ ሹም ኻይር ቤይ ቡና እንዲከለከል አደረገ፤ ክልከላው ግን አልዘለቀም። በ1550ዎቹ ኢስታንቡል ላይ የቡና ቤቶች ተከፈቱ።

ከዚያ በኋላ ሞካ የተባለችው የየመን ወደብ የዓለም የቡና መናኸሪያ ሆነች። አውሮፓውያን ቡናን ያወቁት በዓረብ በኩል ስለነበር ስዊድናዊው ሊቅ ሊኔየስ በ1753 ለተክሉ ሳይንሳዊ ስም ሲሰጠው «አረቢካ» አለው። ስሙ እንኳ ከጫካው ባለቤት ይልቅ በሩን ለያዘው ተሰጠ ማለት ነው። የሞካ ዘመንም አላለቀም አልተባለም። ደቾች ቡናን ጃቫ ላይ አለሙ፤ በ18ኛው ክፍለ ዘመን ደግሞ ተክሉ ወደ አሜሪካ ተሻገረ። በሩ ሲበዛ የሞካ ዋጋ ወደቀ።

ቋንቋችን ይህን መንገድ እስከ ዛሬ ያስታውሳል። ዓረቡ ለፍሬው «ቡን» ይለዋል፣ እኛ «ቡና»። ሱዳኖች «ጀበና» ይላሉ፣ እኛም «ጀበና»። አቦል፣ ቶና፣ በረካ የምንላቸው ሦስቱ ዙሮች «አወል»፣ «ሳኒ» እና «በረካ» ከሚሉት የዓረብኛ ቃላት የመጡ ናቸው፤ አንደኛ፣ ሁለተኛ፣ በረከት። የቡና ነጋዴ የሚመዝንበት ፈረሱላም ከዓረቡ ገበያ የመጣ ነው፤ አንድ ፈረሱላ 17 ኪሎ ነው። ቡናው ከእኛ ወደ እነሱ ሄደ፤ ቃሉና ሚዛኑ ደግሞ ከእነሱ ወደ እኛ መጣ።

መተማና ጋላባት

ወደ ራሳችን መንገድ እንምጣ። የጎንደርና የሰናር ንግድ ረጅም ዕድሜ አለው። ብሩስ ራሱ ወደ አገሩ ሲመለስ በ1772 ያለፈው በዚሁ መንገድ ነው፤ ከጎንደር ወርዶ በራስ ፊል በኩል ወደ ሰናር። ራስ ፊል ዛሬ መተማና ጋላባት ያሉበት አካባቢ ነው።

በ19ኛው ክፍለ ዘመን የቡናው ምንጭ በብዛት የጊቤ አገሮች ነበሩ። ከእነሱም እስከ 1861 አባ ባጊቦ የነገሡበት ሊሙ እናርያ ዋናው ነበር። ከእናርያ የተነሣው ሲራራ ነጋዴ ዓባይን ተሻግሮ ጎጃም ባሶ ገበያ ላይ ያርፍና ወደ ጎንደር ይወጣል። ከጎንደር አንዱ መንገድ ወደ ምጽዋ፣ ሌላው ወደ መተማ ይወርዳል። ነጋዴዎቹ በአብዛኛው ጀበርቲዎች፣ ማለትም የአገራችን ሙስሊሞች ነበሩ። በክርስቲያኑ መኳንንት ዘንድ ንግድ የተናቀ ሙያ ስለነበር በሩ ለእነሱ ተተወ፤ እነሱም በዓረብኛቸውና በእምነት ወንድማማችነታቸው ከሱዳን ነጋዴ ጋር በዱቤ ሳይቀር ይገበያዩ ነበር።

መተማን ያቆሟት ከዳርፉርና ከዚያ ወዲያ ካለው ምዕራብ መጥተው የሰፈሩ ተክሩሮች ናቸው። ሼኮቻቸው ለሐበሻም ለግብፅም ይገብሩ ነበር። ዛሬ የድንበር ነጋዴ ሁለት ቦታ ይከፍላል ብለን የምናማርረው ነገር አዲስ እንዳልሆነ ከዚህ እናያለን። በ1862 በዚያ ያለፈው እንግሊዛዊው ሳሙኤል ቤከር ሐበሾች ቡና፣ ሰምና ቆዳ ይዘው ወደ ገበያው እንደሚወርዱ ጽፏል።

ያልተጻፈ እንዳይመስል ሌላውንም እንናገር፤ በዚያ ገበያ ሰውም ይሸጥ ነበር። ከምዕራብና ከደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ የተያዙ ወንዶች፣ ሴቶችና ልጆች ከቡናው ጋር በአንድ መንገድ ወርደዋል። ብዙዎቹ ሴቶች ነበሩ። ዛሬ በዚህ መስመር በራሳችን ፈቃድና በራሳችን ገንዘብ የምንመላለስ ሴቶች ይህን ሳናውቅ ብንቀር የመንገዱን ግማሽ ታሪክ አናውቅም።

በዚያው ዘመን በሰሜኑ የክርስቲያን አገር ቡና የእስላም መጠጥ ተብሎ ይነወር ነበር። ነውሩ የቀለለው በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ነው፤ ምኒልክ ራሳቸው ቡና ይጠጡ ነበር፣ ጳጳሱ አቡነ ማቴዎስም ጥላቻውን በማለዘብ ይጠቀሳሉ። ከዚህ ሁሉ የተለየችው የጣናዋ ዘጌ ናት። እዚያ ገዳሞቹ ራሳቸው በቡና ደን የተከበቡ ናቸው። አፈ ታሪኩ አቡነ በትረ ማርያም በትራቸውን ከፍለው ቢተክሉት ቡና፣ ጌሾና ሎሚ ሆኖ በቀለ ይላል። የዘጌ ቡና በመተማ በኩል ወደ ሱዳን ይሸጥ ነበር፤ እስከ 20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያዎቹ ዓሥርት ዓመታት ድረስም ከለቀማው ከፊሉን የሚሠሩት በባርነት የተያዙ ሰዎች ነበሩ።

ይህ በር የተዘጋው በጦርነት ነው። በ1885 ካርቱም በማህዲስቶች እጅ ወደቀች። በጥር 1888 የማህዲስቶቹ አዛዥ አቡ አንጃ ጎንደርን አቃጠለ። በመጋቢት 1889 አፄ ዮሐንስ መተማ ላይ ተዋግተው ቆሰሉና ሞቱ። ገበያ የነበረችው ከተማ የጦር ሜዳ ሆነች፤ የጎንደርና የሱዳን ንግድም ለዓመታት ደቀቀ።

ጋምቤላ፣ የወንዙ በር

ቡናው ግን አልቆመም። በ1898 እንግሊዞች ከግብፅ ጋር ሆነው ሱዳንን ያዙ። ከዚያ በፊት በነበረው ዓመት፣ በ1897፣ የምኒልክ ጦር በራስ ወልደ ጊዮርጊስ መሪነት ከፋን ወጋ፤ የመጨረሻው ንጉሥ ጋኪ ሸሮቾ ተማረኩ። አገሩ በጦርነቱ ክፉኛ ተጎዳ። ስለዚህ በሃያኛው ክፍለ ዘመን መግቢያ ላይ የቡናው ጫካ በአንድ መንግሥት፣ ነጩ ዓባይ በሌላ መንግሥት እጅ ገባ። ሁለቱ መንግሥታት ድንበር መዋዋል ነበረባቸው።

ውሉ ግንቦት 15 ቀን 1902 ተፈረመ። ዛሬ መተማን ከጋላባት የሚለየው መስመር የዚያ ውል ልጅ ነው። በውሉ አራተኛ አንቀጽ ምኒልክ በባሮ ወንዝ ዳር በኢታንግ አቅራቢያ የንግድ ጣቢያ የሚሆን መሬት ለሱዳን መንግሥት አከራዩ፤ የወንዝ ዳር ርዝመቱ ከ2,000 ሜትር፣ ስፋቱ ከ400 ሄክታር እንዳይበልጥ፣ የሚቆየውም ሱዳን በእንግሊዝና በግብፅ አስተዳደር ሥር እስካለች ድረስ እንዲሆን። ቦታው በኋላ ጋምቤላ ሆነ፤ ጣቢያው በ1904 ሥራ ጀመረ። የአኝዋኮች አገር ነበር፤ ውሉ ላይ ግን የእነሱ ስም የለም።

አሠራሩን በነጋዴ ዓይን እንየው። ቡናው ከጎሬ፣ ከሳዮ፣ ከቄለም በሰው ጀርባና በበቅሎ ተጭኖ ከደጋው ወደ ባሮ ቆላ ይወርዳል። በአንጻሩ ወደ አዲስ አበባ የሚወስደው የበቅሎ መንገድ ብዙ ሳምንት ይፈጃል፤ ባቡሩም አዲስ አበባ የገባው በ1917 ነው። ስለዚህ ለምዕራቡ ቡና ካርቱም ከአዲስ አበባ ትቀርበው ነበር። ጋምቤላ ላይ መርከብ ይጭነዋል፤ በባሮ ወደ ሶባት፣ በሶባት ወደ ነጭ ዓባይ፣ በነጭ ዓባይ ወደ ካርቱም። ከካርቱም ከፊሉ እዚሁ ሱዳን ውስጥ ይጠጣል፣ ከፊሉ በባቡር ወደ ወደብ ይሄዳል። በመልሱ መርከብ ጨው፣ አቡጀዲና ሌላ ሸቀጥ ይመጣል።

ችግሩ መርከብ የሚሄደው ወንዙ ሲሞላ ብቻ መሆኑ ነው፤ ከሰኔ እስከ ጥቅምት አካባቢ። ቡና ደግሞ የሚለቀመው ከጥቅምት በኋላ ነው። እንግዲህ ቡናው ከለቀማ እስከ ክረምት ወራት ሙሉ መጋዘን ውስጥ መቀመጥ አለበት። ገበሬው ለግብርና ለጨው ገንዘብ ይፈልጋል፤ መጠበቅ አይችልም። መጋዘንና ገንዘብ ያለው ነጋዴ በርካሽ ገዝቶ ወንዙን ይጠብቃል። ይህን ማድረግ የቻሉት በአብዛኛው ከካርቱም ጋር ግንኙነት የነበራቸው ግሪኮችና ሶሪያውያን ነበሩ። በ1905 የተቋቋመው የአቢሲኒያ ባንክም ጎሬ ላይ ቅርንጫፍ፣ ጋምቤላ ላይ ወኪል የከፈተው ለዚሁ ንግድ ነው። ቡናውን ከጎሬ ቁልቁል የተሸከመው ሰው ግን ባንኩን ከውጭ ነው ያየው።

ከታሪኩ ሁሉ ለእኛ ትልቁ ትምህርት ያለው እዚህ ላይ ይመስለናል። ጋምቤላ ላይ ያተረፈው ጊዜ መግዛት የቻለ ነው። ዛሬም ዕቃው ኬላ ላይ ሲቆም፣ መንገድ ሲዘጋ፣ ምንዛሪ ሲወጣና ሲወርድ የሚጎዳው መጠበቅ የማይችለው ነው። ለዚህ ነው እቁባችንን እንደ ቀልድ የማናየው፤ መጠበቂያ ገንዘባችን እሱ ነው።

ጣሊያን በ1936 ኢትዮጵያን ሲይዝ የጋምቤላው ንግድ ተሰበረ፤ በ1941 ጣቢያው ወደ ሱዳን ተመለሰ። በ1956 ሱዳን ነፃ ስትወጣ የውሉ ዘመን በራሱ አበቃና ጋምቤላ ለኢትዮጵያ ተመለሰች። ይሁንና በደቡብ ሱዳን ጦርነት ተነሥቶ ነበር፤ የአዲስ አበባ የመኪና መንገዶችም የምዕራቡን ቡና ወደ መሀል አገር መሳብ ጀምረው ነበር። በወንዝ የሚሄደው ቡና እየሳሳ ሄዶ ጠፋ። የቡናው ዋና በር ወደ ቀይ ባሕር ዞረ፤ ወደ አሰብና ጂቡቲ።

ካርቱም፣ የመጨረሻው ስኒ

ወደ ሱዳን የሚመጣው ቡና መተማን እንደገና ያገኘው ቀስ በቀስ ነው። ከ1974 አብዮት በኋላ፣ በተለይም በ1984 እና 1985 ድርቅ ጊዜ፣ እጅግ ብዙ ሰው ከኢትዮጵያ ወደ ገዳሪፍና ከሰላ፣ ከዚያም ወደ ካርቱም ተሰደደ። ሐበሻው ዴምና ጅሬፍን በመሳሰሉ ሰፈሮች ተቀመጠ። ከሰዉ ጋር ጀበናው መጣ።

ሱዳን ግን ጀበናን ከእኛ አልተማረችም። በምሥራቅ ሱዳን የቤጃ ሰዎች ቡናን በትንሽ ጀበና፣ በዝንጅብል አፍልተው፣ በትናንሽ ፍንጃል ደጋግመው ይጠጣሉ፤ ያለዚያ ጭንቅላታቸውን ያማቸዋል። እኛ ረከቦት፣ ቄጤማና ሦስቱን ዙር አመጣን፤ እነሱ ዝንጅብልና ሄል ነበራቸው። ካርቱም መንገድ ዳር የሚጠጣው ቡና የሁለቱ ድብልቅ ነው።

ይህን ቡና ለከተማዋ ያጠጡት ሲት ሻይ የሚባሉት ሴቶች ናቸው። ብዙዎቹ ከደቡብ፣ ከኑባ ተራሮችና ከዳርፉር በጦርነትና በረሃብ የተፈናቀሉ ሱዳናውያን ናቸው፤ ከእነሱ ጎን ኢትዮጵያውያንና ኤርትራውያን ተቀመጡ። አንድ ከሰል ምድጃ፣ ጥቂት ዝቅተኛ ወንበር፣ አንድ ሳጥን ብርጭቆ። ሥራው ቀላል አልነበረም። ለረጅም ዘመን በሥራ ላይ በነበረው የሕዝብ ሥርዓት ሕግ ምክንያት «ከሻ» የሚባለው አፈሳ ሲመጣ ምድጃውም ወንበሩም ይወሰድ ነበር። ሕጉ የተሻረው ከአብዮቱ በኋላ በኅዳር 2019 ነው። ሻይ ሻጮችን በማኅበር አደራጅተው ለመብታቸው የተሟገቱት አወድያ መሐሙድ ኮኮ በ2016 ዓለም አቀፍ የደፋር ሴቶች ሽልማት ተቀብለዋል። በካርቱም ከጀበና ጀርባ የተቀመጠች ሴት ሁሉ፣ ሐበሻም ትሁን ሱዳናዊት፣ ለእሳቸው ባለ ዕዳ ናት።

ሂሳቡን እንሥራው። አንድ ኪሎ ጥሬ ቡና ሲቆላ ከክብደቱ ከ15 እስከ 20 በመቶ ያጣል። ከቀረው 800 ግራም ያህል በአንድ ጀበና 40 ግራም ብናስገባ 20 ጀበና ይወጣዋል። በእነዚያ 20 ጀበናዎች ዋጋና በአንድ ኪሎ ጥሬ ቡና ዋጋ መካከል ያለው ልዩነት፣ ከሰሉን፣ ስኳሩን፣ ዝንጅብሉንና ጉልበቱን ቀንሰን የሚቀረው፣ የመጨረሻው በር ትርፍ ነው። ትንሽ ናት፤ ግን ከእናርያ ዘመን ጀምሮ በዚህ መንገድ ላይ ከታዩት በሮች ሁሉ ያለ መጋዘን፣ ያለ ባንክና ያለ መርከብ ሴት ልጅ በእጇ የያዘችው በር ይህ ብቻ ነው።

ካካዎ ምን ያስተምረናል

ልዩነቱ እንዲታይ ከቡና ጋር የሚመሳሰለውን ካካዎን እንይ። ካካዎን ማያዎችና አዝቴኮች መካከለኛው አሜሪካ ላይ በጥብጠው ይጠጡት ነበር። ስፔኖች በ16ኛው ክፍለ ዘመን ወደ አውሮፓ ወሰዱት፤ ስኳር ገባበት። በ1828 ሆላንዳዊው ቫን ሁተን ቅባቱን ከዱቄቱ የሚለይ መጭመቂያ አስመዘገበ፤ በ1847 የእንግሊዙ ፍራይ ኩባንያ የሚበላ ደረቅ ቸኮሌት ሠራ። ዛሬ ከዓለም ካካዎ ከግማሽ በላይ የሚመረተው በኮትዲቯርና በጋና ነው፤ ቸኮሌቱ በብዛት የሚሠራውና የሚበላው ግን ሌላ አገር ነው። ካካዎ ለቃሚው ቸኮሌት በልቶ ላያውቅ ይችላል።

ቡና እንዲህ አልሆነብንም። ኢትዮጵያ ከአፍሪካ አንደኛ የቡና አምራች ሆና ከምታመርተው ግማሽ ያህሉን ራሷ ትጠጣለች። ሱዳንም ከኢትዮጵያ ቡና ዋና ዋና ገዢዎች መካከል ስትቆጠር ኖራለች፤ በብዛት የምትወስደው ያልታጠበውን ቡና ነው። አውሮፓ የሚንቀውን ደረጃ የእኛ ሰፈር ይቆላዋል፣ ይወቅጠዋል፣ ያጣጥመዋል። የአውሮፓ ዋጋ ሲወርድ የሚደግፍ ገበያ ማለት ይህ ነው።

ስሙን በተመለከተ ግን እኛም ከካካዎው ሰው ብዙም አልተሻልንም። በ1930ዎቹ እንግሊዞች ከደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ የወሰዱት ዘር በኬንያ፣ በታንጋኒካና በኮስታሪካ ዞሮ ፓናማ ደረሰ፤ በ2004 «ጌሻ» ተብሎ በጨረታ ዓለምን አስደነቀ። ጌሻ ከፋ ውስጥ ያለ ቦታ ነው። ከቦማ ደጋ የተወሰደውም ዘር «ሱዳን ሩሜ» ተባለ፤ በ2015 የዓለም ባሪስታ ውድድርን ያሸነፈው አውስትራሊያዊ ያቀረበው ኮሎምቢያ ላይ የበቀለ ሱዳን ሩሜ ነበር። በውድድሩ መድረክ ላይ የሱዳን ስም ተጠራ፤ ቦማ ግን አንዲት ኩንታል አልሸጠችም።

አሁን ያለንበት

ያለፉት ዓመታት መተማን እንደገና ፈትነዋታል። ከ2020 መጨረሻ ጀምሮ በአል ፋሽጋ በተነሣው የድንበር ግጭት ኬላው ተዘግቶ ተከፍቷል። ሚያዝያ 15 ቀን 2023 ካርቱም ላይ ጦርነት ሲጀመር መንገዱ ተገለበጠ፤ ቡና ወደ ካርቱም ይወርድበት በነበረው መስመር ሰው ወደ መተማ ወጣ። ሱቅ አረቢም የኦምዱርማን ገበያም ተዘረፉ፣ ነደዱ። በዚያው ዓመት ከነሐሴ ጀምሮ በአማራ ክልልም ጦርነት ሆነና ከጎንደር መተማ ያለው መንገድ አስጊ ሆነ። በሩ በሁለቱም በኩል እሳት ያዘው ማለት ይቻላል፤ ልክ እንደ 1888።

ጀበናው ግን አልጠፋም። ከካርቱም የሸሹት ሴቶች ገዳሪፍ፣ ከሰላና ፖርት ሱዳን ላይ ምድጃ አነደዱ። በመጋቢት 2025 የሱዳን ጦር የካርቱምን መሀል ከያዘ በኋላ ሰው እየተመለሰ ነው፤ ከፈረሱት ሱቆች አስቀድሞ መንገድ ዳር የሚታየው ከሰልና ጀበና ነው። ብረት መጋረጃ የማያስፈልገው ንግድ ቀድሞ ይነሣል።

እንግዲህ ከዚህ ታሪክ ምን እንያዝ? ሦስት ነገር እንላለን።

አንደኛ፣ የምንሸጠውን ቡና ስሙን እንወቅ። ጅማ ነው፣ ሊሙ ነው፣ ነቀምት ነው፣ ዘጌ ነው ብለን እንለይ፤ «ሐበሺ» ብቻ አንበል። የሱዳን ጠጪ ጣዕም ያውቃል፤ ስሙን ካስተዋወቅነው በስሙ ይጠይቃል፣ በስሙ የሚጠይቅ ደንበኛ ደግሞ ዋጋ አያወርድም። ጌሻን ያስወደደው ስሙን የተናገረ ሰው መኖሩ ነው።

ሁለተኛ፣ በወረቀት እንነግድ። በጨለማ የሚሻገር ቡና እንዳለ ሁላችንም እናውቃለን። ባንክና ጥቁር ገበያ በምንዛሪ እጅግ ሲራራቁ ኮንትሮባንዱ ይበረታ ነበር፤ በሐምሌ 2024 ብር በገበያ ዋጋ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ የዚያ ጥቅም ቀንሷል። ወረቀት የሌለው ቡና ኬላ ላይ ሲያዝ ባለቤት የለውም፤ አንድ ሰው ሲክደንም ከሳሽ የለውም። ለብቻ የላኪነት ፈቃድ ማውጣት ለትንሽ ነጋዴ ከባድ ነው። ተሰባስቦ ፈቃድ ካለው ላኪ በሕጋዊ ውል መግዛት ግን ይቻላል።

ሦስተኛ፣ የመጠበቂያ ገንዘብ ይኑረን። ጋምቤላ ላይ ገበሬው የተሸነፈው ክረምቱን መጠበቅ ስላልቻለ ነው። እቁባችን፣ ማኅበራችን፣ እርስ በርስ የምንሰጣጠው ዱቤ እንዳይፈርስ በየከተማው የተበተንነው እንፈላለግ። ገዳሪፍ ያለችው፣ ፖርት ሱዳን ያለችው፣ ጎንደር የተመለሰችው፣ ካርቱም የቀረችው አንድ መዝገብ ላይ ብንሰፍር መንገዱ ሲከፈት ከዜሮ አንነሣም።

በዚህ መስመር መተማ ተዘግታ ጋምቤላ ተከፍታለች፤ ጋምቤላ ተዘግታ መተማ ተከፍታለች። የሚቀጥለው በር የትኛው እንደሚሆን አሁን የሚናገር የለም። የሚከፈት ስለመሆኑ ግን ከጎንደርና ከሰናር ዘመን ጀምሮ ያለው ታሪክ ምስክር ነው። ያን ጊዜ ዋጋ በሚቆረጥበት ቦታ ስማችን የተጻፈ ነጋዴዎች ሆነን እንድንገኝ ዝግጅቱን ከአሁኑ መጀመር ያለብን እኛው ነን።